ከጦርነት ማግስት የተጻፈ ሕግ፦ የ1983–1987 ዓ.ም. ሽግግር ለማሳውና ለቀበሌ ቤቱ ምን አመጣ?

ፒያሳ ዶሮ ማነቂያን የሚያውቅ ሰው ዛሬ ቦታውን ቢፈልግ የቀድሞውን መንደር አያገኘውም። በአራዳ ክፍለ ከተማ ተጠጋግተው የቆሙት ያረጁ የቆርቆሮ ጣሪያ ቤቶች በ2016 ዓ.ም. በኮሪደርና በመልሶ ማልማት ሥራ ፈርሰዋል። ነዋሪዎቹም ወደ ሌሎች የአዲስ አበባ ክፍሎች ተዛውረዋል። ከእነርሱ ብዙዎቹ የቀበሌ ቤት ተከራዮች ነበሩ፤ በቤቱ ተወልደው፣ ልጅ ድረው፣ ወላጅ ቀብረው የኖሩ፣ ነገር ግን የቤቱም የመሬቱም ባለቤት ያልነበሩ ሰዎች ናቸው።

ከዚያ በብዙ መቶ ኪሎ ሜትር ርቀት በጎጃም ወይም በወሎ ማሳውን የሚያርስ አርሶ አደር በሳጥኑ የይዞታ ማረጋገጫ ደብተር አስቀምጧል። ማሳውን ያርሳል፣ ያወርሳል፣ በሕግ በተወሰነ ጊዜም ያከራያል፤ አይሸጥም። የዶሮ ማነቂያ ተከራይና ይህ አርሶ አደር ተገናኝተው የማያውቁ ቢሆኑም የሚያስተሳስራቸው አንድ የሕግ አንቀጽ አለ። ያ አንቀጽ የተጻፈው ረጅሙ የእርስ በርስ ጦርነት ካበቃ በኋላ በነበሩት አራት የሽግግር ዓመታት ነው።

ሀገራችን ዛሬም ስለ ምክክር፣ ስለ ሽግግር ፍትሕና ስለ ሕገ መንግሥት ማሻሻያ እየተነጋገረች ነው። ያኔ ምን እንደተወሰነ፣ ማን እንደወሰነና ምን ሳይነካ እንደታለፈ ማወቅ ለአርሶ አደሩም ለከተማ ነዋሪውም ጠቃሚ በመሆኑ የዚያን ዘመን ዋና ዋና ጉዳዮች በዚህ ጽሑፍ አቅርበናል።

የፖለቲካ ሽግግር ማለት ምን ማለት ነው?

የፖለቲካ ሽግግር አንድ ሥርዓት ከወደቀ በኋላ ሌላው በሕግ እስኪቆም ድረስ ያለው መካከለኛ ጊዜ ነው። በዚህ ጊዜ ሀገር የምትተዳደረው በጊዜያዊ ሰነድና በጊዜያዊ መንግሥት ነው። ሽግግሩ ወደ ዴሞክራሲ የሚያመራ ከሆነ ቢያንስ አራት ሥራዎች ይጠበቁበታል። መሣሪያ ወደ አንድ ሕጋዊ እጅ መግባት አለበት፤ ተፎካካሪ ወገኖች በአንድ ጠረጴዛ መቀመጥ አለባቸው፤ ሕዝብ ተወካዮቹን በነፃ መምረጥ አለበት፤ በመጨረሻም ሁሉም የሚገዛበት ቋሚ ሕግ መውጣት አለበት።

ኢትዮጵያ ከ1983 ዓ.ም. በፊትም «ጊዜያዊ» የሚለውን ቃል ታውቀዋለች። በመስከረም 1967 ዓ.ም. ሥልጣን የያዘው ደርግ ራሱን የጠራው ጊዜያዊ ወታደራዊ አስተዳደር ደርግ ብሎ ነበር። ያ ጊዜያዊነት እስከ 1980 ዓ.ም. መግቢያ፣ የኢትዮጵያ ሕዝባዊ ዴሞክራሲያዊ ሪፐብሊክ እስከታወጀበት ድረስ፣ ለ13 ዓመታት ዘልቋል። ስለሆነም ሽግግር ሲባል የመጀመሪያው ጥያቄ መቼ እንደሚያበቃ፣ ሁለተኛው ደግሞ ማን እንደሚያበቃው መሆን ይገባዋል።

የ1983 ዓ.ም. ግንቦት

ፕሬዚዳንት መንግሥቱ ኃይለ ማርያም ግንቦት 13 ቀን 1983 ዓ.ም. ከሀገር ወጥተው ወደ ዚምባብዌ ሄዱ። ሌተና ጄኔራል ተስፋዬ ገብረ ኪዳን ተተኩ። ከጥቂት ቀናት በኋላ በለንደን በአሜሪካዊው ዲፕሎማት ኸርማን ኮኸን መሪነት የሰላም ውይይት ተከፈተ፤ ይሁን እንጂ ውይይቱ ፍሬ ሳያፈራ የኢሕአዴግ ሠራዊት ግንቦት 20 ቀን አዲስ አበባ ገባ። ጦርነቱ ያበቃው በድርድር ሳይሆን በአንድ ወገን አሸናፊነት መሆኑ በኋላ የመጣውን ሁሉ ቀርጾታል። የሽግግሩን ጠረጴዛ ያዘጋጀው፣ እንግዶቹንም የጠራው አሸናፊው ነበር።

በከተማዋ ቀበሌዎች የቀድሞዎቹ አመራሮች ተነሥተው የሰላምና መረጋጋት ኮሚቴዎች ተቋቋሙ። የቀድሞው ሠራዊት ፈረሰ፤ ከ400 ሺህ በላይ የሚሆኑ ወታደሮች ወደ ሲቪል ሕይወት ተመለሱ። ከእነርሱ ብዙዎቹ የገበሬ ልጆች ስለነበሩ የሄዱት ወደ ተነሡበት ቀበሌ ነው። እዚያም የጠየቁት የመጀመሪያ ነገር የሚያርሱት መሬት ነበር።

ለአርሶ አደሩ ግን ለውጡ ከዚያ አንድ ዓመት ቀደም ብሎ ጀምሮ ነበር። የካቲት 26 ቀን 1982 ዓ.ም. በጦር ሜዳ የተዳከመው መንግሥት ቅይጥ ኢኮኖሚ ሲያውጅ፣ ገበሬው ምርቱን መንግሥት በቆረጠው ዋጋ በኮታ እንዲያስረክብ የሚያስገድደው አሠራር ቀረ። የአምራቾች ኅብረት ሥራ ማኅበራት በአብዛኛው በጥቂት ሳምንታት ውስጥ ፈረሱ፤ አባላቱም መሬቱንና በሬውን ተከፋፍለው ወደየግል እርሻቸው ተመለሱ። በብዙ አካባቢ በመንደር ምሥረታ የተሰበሰቡ ገበሬዎች ወደ ቀድሞ ቀያቸው ሄዱ። አዲስ አበባ መንግሥት ከመቀየሯ በፊት ገጠሩ አኗኗሩን መቀየር ጀምሮ ነበር።

ቻርተሩ፦ በጠረጴዛው ዙሪያ ማን ነበር?

ከሰኔ 24 እስከ 28 ቀን 1983 ዓ.ም. በአዲስ አበባ የአፍሪካ አዳራሽ የሰላምና የዴሞክራሲ ጉባኤ ተካሄደ። ከ20 በላይ ድርጅቶች ተሳተፉበት። ጉባኤው የሽግግር ወቅት ቻርተርን አጸደቀ፤ ቻርተሩ ሐምሌ 15 ቀን በነጋሪት ጋዜጣ ታትሞ ወጣ።

የቻርተሩ የመጀመሪያ አንቀጽ የተባበሩት መንግሥታት ዓለም አቀፍ የሰብአዊ መብቶች መግለጫን መሠረት አድርጎ የእምነት፣ የሐሳብ፣ የመሰብሰብና የመደራጀት ነፃነትን ተቀበለ። ሁለተኛው አንቀጽ የብሔሮች፣ ብሔረሰቦችና ሕዝቦችን የራስን ዕድል በራስ የመወሰን መብት አረጋገጠ። እስከ 87 አባላት ያሉት የተወካዮች ምክር ቤት ተቋቋመ። በመቀመጫ ክፍፍሉ ኢሕአዴግ 32፣ የኦሮሞ ነፃነት ግንባር 12 ያዙ፤ የቀሩት ለሌሎች ድርጅቶች ተከፋፈሉ። መለስ ዜናዊ ፕሬዚዳንት፣ ታምራት ላይኔ ጠቅላይ ሚኒስትር ሆኑ።

ጉባኤው ሁሉንም አላካተተም። የኢትዮጵያ ሠራተኞች ፓርቲ ታግዶ ነበር። እንደ ኢሕአፓና መኢሶን ያሉ በ1960ዎቹ የፖለቲካ ትግል የታወቁ ድርጅቶችም ከጠረጴዛው ውጭ ቀሩ። የአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲን ወክለው የተገኙት ፕሮፌሰር አሥራት ወልደየስ በኤርትራ መገንጠል ጉዳይ የተቃውሞ ድምፅ አሰሙ፤ በቀጣዩ ዓመትም የመላው አማራ ሕዝብ ድርጅትን መሠረቱ። የገጠሩ ሕዝብ በአዳራሹ ቀጥተኛ ውክልና አልነበረውም፤ የተወከለው በስሙ በሚናገሩ ድርጅቶች በኩል ነው።

ቻርተሩ ለራሱ የጊዜ ገደብ አበጅቶ ነበር። ሽግግሩ ከሁለት ዓመት፣ ቢራዘምም ከሁለት ዓመት ከስድስት ወር እንዳይበልጥ ተደንግጓል። የአካባቢና የክልል ምክር ቤቶች ምርጫም ሁኔታው በፈቀደበት ቦታ ሁሉ በሦስት ወር ውስጥ እንዲደረግ ተጽፏል። በተግባር የክልል ምርጫው የተካሄደው አንድ ዓመት ሊሞላ ሲቃረብ ነው። ሽግግሩ ራሱ አራት ዓመት ወሰደ።

የመጀመሪያው የድምፅ ካርድ

በጥር 1984 ዓ.ም. የወጣው አዋጅ ቁጥር 7/1984 ሀገሪቱን በ14 ክልሎች አዋቀረ። የአማራ ክልል ክልል 3፣ አዲስ አበባ ደግሞ ክልል 14 ተባሉ። ጎጃም፣ ጎንደር፣ ወሎና ሸዋ በሚባሉ ክፍለ ሀገራት ሲጠራ የኖረ ገበሬ በአዲስ ካርታ ውስጥ ራሱን አገኘ።

የክልል ምክር ቤቶች ምርጫ ሰኔ 14 ቀን 1984 ዓ.ም. ተካሄደ። ብዙ ዜጎች ከአንድ በላይ ፓርቲ ስም የሰሙበት የመጀመሪያው ምርጫ ነበር። ነገር ግን ምርጫው ከመድረሱ ጥቂት ቀደም ብሎ ኦነግ ከውድድሩ ራሱን አገለለ፤ ወዲያውም ከሽግግር መንግሥቱ ወጣ። የመላው አማራ ሕዝብ ድርጅትም አልተሳተፈም። ዓለም አቀፍ ታዛቢዎች የዝግጅት ጉድለትንና የተቃዋሚ ዕጩዎችን መጉላላት በዘገባዎቻቸው አሰፈሩ። በ1985 ዓ.ም. ደግሞ በፓሪስ የተቃዋሚዎች ስብሰባ የተሳተፉ የደቡብ ድርጅቶች ከምክር ቤቱ ተወገዱ። በአፍሪካ አዳራሽ የተሰባሰበው ጥምረት በሁለት ዓመት ጊዜ ውስጥ በእጅጉ ጠበበ።

በመካከሉ ከሚያዝያ 15 እስከ 17 ቀን 1985 ዓ.ም. በኤርትራ ሕዝበ ውሳኔ ተካሄዶ ኤርትራ ነፃ ሀገር ሆነች። ኢትዮጵያ የባሕር በር አልባ ሆና ወጣች። ይህ ውሳኔ በፖለቲካችን ውስጥ እስከ ዛሬ የሚያወያይ ነው።

የተከፈተው በር፦ ጋዜጣና ቃል

የሽግግሩ ዘመን ያመጣቸውን ነፃነቶች መካድ አይገባም። ጥቅምት 11 ቀን 1985 ዓ.ም. የወጣው የፕሬስ አዋጅ ቁጥር 34/1985 ቅድመ ሳንሱርን አስቀረ። በአዲስ አበባ አደባባዮች የግል ጋዜጦችና መጽሔቶች እንደ አሸን ፈሉ። ጋዜጣ መግዣ ያጠረው ሰው በሳንቲም ተከራይቶ ቁጭ ብሎ ያነብ ነበር። ከጥቂት ዓመታት በፊት በሹክሹክታ እንኳ የማይነገር ነገር በዋና ገጽ ላይ ወጣ።

ይኸው አዋጅ ግን ጋዜጠኛን የሚያስከስሱ ድንጋጌዎችም ነበሩት። በሽግግሩ ዓመታትና ከዚያም በኋላ ብዙ የግል ጋዜጣ አዘጋጆች ታስረዋል። በሩ ተከፍቷል፤ የበሩ መዝጊያ ግን በመንግሥት እጅ ቀረ።

ሕገ መንግሥቱ እንዴት ጸደቀ?

አቶ ክፍሌ ወዳጆ የመሩት የሕገ መንግሥት አርቃቂ ኮሚሽን ረቂቁን አዘጋጀ። በረቂቁ ላይ በየቀበሌው ውይይት ተደረገ። ግንቦት 28 ቀን 1986 ዓ.ም. 547 መቀመጫ ላለው የሕገ መንግሥት ጉባኤ ምርጫ ተካሄደ። ዋና ዋናዎቹ ተቃዋሚዎች በዚህም አልተወዳደሩም፤ ጉባኤው በኢሕአዴግና በአጋሮቹ አባላት ተሞላ። ጉባኤው ሕገ መንግሥቱን ኅዳር 29 ቀን 1987 ዓ.ም. አጸደቀ። ሚያዝያ 29 ቀን 1987 ዓ.ም. ሀገራዊ ምርጫ ተደርጎ ነሐሴ 15 ቀን ሕገ መንግሥቱ ሥራ ላይ ዋለ። ሽግግሩም በዚያው በይፋ አበቃ።

በጉባኤው ከፍተኛ ክርክር ካስነሡት አንቀጾች ሁለቱ በሰፊው ይታወቃሉ፤ እስከ መገንጠል የሚደርሰውን መብት የያዘው አንቀጽ 39 እና ስለ ንብረትና ስለ መሬት የሚደነግገው አንቀጽ 40። የመጀመሪያው ዘወትር በፖለቲከኞች አፍ ላይ አለ። ሁለተኛው ግን በእያንዳንዱ ጎጆ ውስጥ የሚኖር ነው።

አንቀጽ 40 ለአርሶ አደሩ

የመሬት ጥያቄ ከሽግግሩ በፊት የነበረ ጥያቄ ነው። ተማሪዎች በየካቲት 1957 ዓ.ም. በአዲስ አበባ «መሬት ላራሹ» ብለው ሰልፍ ወጡ። የካቲት 25 ቀን 1967 ዓ.ም. የወጣው አዋጅ ቁጥር 31/1967 የገጠር መሬትን ሁሉ የሕዝብ ሀብት አደረገ። ለአንድ ቤተሰብ ከ10 ሄክታር የማይበልጥ መሬት ፈቀደ፤ በ20 ጋሻ ወይም 800 ሄክታር መነሻ የገበሬ ማኅበራትንም አቋቋመ። ጭሰኛው ከባላባት ተላቀቀ፤ መሬቱ ግን ወደ መንግሥት ገባ።

ሽግግሩ ሲመጣ ብዙዎች ይህ እንደገና ይታያል ብለው ጠብቀው ነበር። ጉዳዩ ሕገ መንግሥቱ እስኪጸድቅ ሳይወሰን ቆየ፤ በመጨረሻም አንቀጽ 40 የሚከተሉትን አጸና፦

- መሬት የመንግሥትና የኢትዮጵያ ብሔሮች፣ ብሔረሰቦችና ሕዝቦች የጋራ ንብረት ነው፤ አይሸጥም፣ አይለወጥም (ንዑስ አንቀጽ 3)።
- አርሶ አደሮች መሬት በነፃ የማግኘትና ከይዞታቸው ያለመነቀል መብት አላቸው (ንዑስ አንቀጽ 4)።
- ማንኛውም ዜጋ በጉልበቱ ወይም በገንዘቡ በመሬቱ ላይ የሠራው ቋሚ ንብረትና ያደረገው ማሻሻያ የራሱ ነው (ንዑስ አንቀጽ 7)።
- መንግሥት ለሕዝብ ጥቅም የግል ንብረትን ሲወስድ ተመጣጣኝ ካሳ በቅድሚያ ይከፍላል (ንዑስ አንቀጽ 8)።

አንቀጹ ሁለት ስለት አለው። ደጋፊዎቹ ድሃ ገበሬ በክፉ ቀን ማሳውን ሸጦ ወደ ከተማ እንዳይሰደድ ጠብቆታል ይላሉ። ተቺዎቹ ገበሬውን የመንግሥት ጭሰኛ አድርጎታል፤ መሬት የያዘ ድምፅንም ይይዛልና በምርጫ ወቅት ነፃነቱን ያጠብበታል ይላሉ።

በአማራ ክልል የዚህ ስለት ጠርዝ በ1989 ዓ.ም. ታየ። ክልሉ ባካሄደው የመሬት ክፍፍል በደርግ ዘመን በቀበሌ አመራርነት ያገለገሉ ሰዎች «ቢሮክራት» ተብለው ተፈርጀው ይዞታቸው እስከ አንድ ሄክታር ተቀነሰ። መሬት አጥተው የነበሩ ወጣቶች፣ ሴቶችና ተመላሽ ወታደሮች በክፍፍሉ ማሳ አገኙ፤ የተነጠቁት ደግሞ አቤቱታቸውን ይዘው እስከ አዲስ አበባ ተጓዙ። የቀድሞ ፖለቲካዊ ኃላፊነት ለመሬት መጠን መለኪያ መሆኑ ለብዙ ቤተሰብ ቁስል ሆኖ ቀርቷል።

ከዚያ ወዲህ መረጋጋት እንዲመጣ የተደረገው ዋና ጥረት የይዞታ ምዝገባ ነው። የባልና የሚስት ስምና ፎቶግራፍ በአንድነት የሰፈረበት የይዞታ ደብተር በሺዎች በሚቆጠሩ ቀበሌዎች ተሰራጭቷል። ደብተር ያለው አርሶ አደር በእርከን ሥራ፣ በዛፍ ተከላና በጉድጓድ ቁፋሮ ላይ የበለጠ ጉልበት ለማፍሰስ ይደፍራል፤ ነገ የእኔ አይሆንም ብሎ የሚሰጋ ግን አፈሩን አይንከባከበውም። የፖለቲካ ሽግግር ከማሳ ለምነት ጋር የሚገናኘው እዚህ ላይ ነው።

አንቀጽ 40 ለከተማ ነዋሪው

ሐምሌ 19 ቀን 1967 ዓ.ም. የወጣው አዋጅ ቁጥር 47/1967 የከተማ ቦታን ሁሉና ትርፍ ቤቶችን የመንግሥት አደረገ። አንድ ቤተሰብ ከአንድ በላይ መኖሪያ ቤት እንዳይኖረው ከለከለ፤ የቤት ኪራይንም ቀነሰ። ኪራያቸው በወር ከ100 ብር በታች የሆኑ ቤቶች በከተማ ነዋሪዎች ማኅበራት፣ ማለትም በቀበሌዎች፣ እጅ ገቡ። የዶሮ ማነቂያና የሌሎች የአራዳ ነባር ሰፈሮች የቀበሌ ቤቶች ታሪክ የሚነሣው ከዚህ ነው።

የሽግግር መንግሥቱ ይህን አሠራር አላፈረሰውም። የቀበሌ ቤቶች ለነዋሪው አልተላለፉም፤ ለቀድሞ ባለቤቶችም በጅምላ አልተመለሱም። አዲስ የመጣው ሊዝ ነው። በታኅሣሥ 1986 ዓ.ም. የወጣው አዋጅ ቁጥር 80/1986 የከተማ ቦታን ለተወሰነ ዘመን በሊዝ መስጠትን ጀመረ። በዚህም በአንድ ከተማ ውስጥ ሁለት ዋጋዎች ጎን ለጎን ኖሩ፤ በጥቂት ብር የሚከራይ ያረጀ የቀበሌ ቤት እና ከሥሩ ያለው፣ በገበያ ሲታይ እጅግ ውድ የሆነ መሬት። ኪራዩ አነስተኛ ስለነበር ድሃው በመሐል ከተማ መኖር ቻለ፤ ከዚያው አነስተኛ ኪራይ የተነሣም ቤቱን የሚጠግን አልተገኘም።

በየዘመኑ የመጣ አስተዳደር ከተማዋን ለማደስ ሲነሣ መጀመሪያ የሚደርሰው እነዚህ ሰፈሮች ላይ ነው። በፒያሳው መልሶ ማልማት ለተነሡ የቀበሌ ቤት ተከራዮች ምትክ የቀበሌ ቤት ወይም የጋራ መኖሪያ ቤት አማራጭ ቀርቧል። ለብዙዎች አዲሱ ቤት ከቀድሞው የተሻለ ነው፤ መጸዳጃና ውኃ በበር ውስጥ አለው። ነገር ግን ዕድር፣ ጉርብትና፣ የጉልት ገበያና የዕለት ሥራ ከቤት ጋር አይጫኑም። ተከራይ ከባለይዞታ የሚለይበት ነጥብም እዚህ ላይ ይታያል፤ ባለይዞታ ስለ ካሳ ይከራከራል፣ ተከራይ ግን ስለ ምትክ ይጠይቃል።

የመሬት ማስለቀቅ ሕጉ ከሽግግሩ ወዲህ ተሻሽሏል። አዋጅ ቁጥር 455/1997 በአዋጅ ቁጥር 1161/2011 ተተክቷል፤ አዲሱ ሕግ የካሳ ስሌትንና የአቤቱታ ሥርዓትን አሻሽሏል። መሠረቱ ግን አልተለወጠም። መሬቱ የማን እንደሆነ የሚመልሰው ያው አንቀጽ 40 ነው።

ተጠያቂነት፦ ፍርድ የዘገየባቸው ዓመታት

በ1984 ዓ.ም. መጨረሻ የልዩ ዐቃቤ ሕግ ጽሕፈት ቤት ተቋቋመ። የደርግ ባለሥልጣናት የዘር ማጥፋት ክስ ታኅሣሥ 4 ቀን 1987 ዓ.ም. መሰማት ጀመረ። የጥፋተኝነት ውሳኔው የተሰጠው ታኅሣሥ 3 ቀን 1999 ዓ.ም. ነው፤ አሥራ ሁለት ዓመት ሙሉ ወሰደ። በአፍሪካ አንድ ሀገር የቀድሞ መሪዎቿን በራሷ ፍርድ ቤት በእንዲህ ያለ ክስ መዳኘቷ ትልቅ ነገር ነበር። ሆኖም ፍርዱ የተሸናፊውን ወገን ብቻ የሚመለከት መሆኑ፣ በገጠር በተፋላሚዎች መካከል የተጎዱ ሰዎችም የሚናገሩበት መድረክ አለመኖሩ ብዙ ቁስል ሳይታከም እንዲቀር አድርጓል።

ከመካከለኛው አፍሪካ የሚገኝ ትምህርት

ከጦርነት የወጡ ሌሎች ሀገራትም በዚሁ መንገድ ተጉዘዋል። በመካከለኛው አፍሪካ ሪፐብሊክ እ.አ.አ. በ2013 መንግሥት በታጣቂዎች ከተገለበጠ በኋላ፣ በ2014 መጀመሪያ ካትሪን ሳምባ ፓንዛ የሽግግር ፕሬዚዳንት ሆኑ። በግንቦት 2015 የባንጊ ጉባኤ ተካሄደ። ከጉባኤው በፊት በየአውራጃው የሕዝብ ምክክር ተደርጎ የገጠሩ ሰው ቅሬታ ተሰብስቦ ነበር። በዚያው ዓመት ማብቂያ ሕገ መንግሥት በሕዝበ ውሳኔ ጸደቀ፤ በ2016 ፎስተን አርካንጅ ቱዋዴራ ተመርጠው ሽግግሩ አበቃ።

ይሁን እንጂ መሣሪያ ከታጣቂዎች እጅ አልወጣም። በየካቲት 2019 ከ14 የታጠቁ ቡድኖች ጋር ስምምነት ቢፈረምም፣ በ2020 መጨረሻ ከእነዚሁ መካከል አንዳንዶቹ ተባብረው እንደገና ዘመቱ። በ2023 ደግሞ አዲስ ሕገ መንግሥት በሕዝበ ውሳኔ ጸድቆ የፕሬዚዳንቱን የሥልጣን ዘመን ገደብ አነሣ። ምክክር ተደርጓል፣ ምርጫም ተካሂዷል፤ ትጥቅ ካልተፈታና የሥልጣን ገደብ ካልተከበረ ግን ሁለቱም ብቻቸውን ሰላምን አያጸኑም።

ዛሬ የት ነን?

በሰሜን ኢትዮጵያ የተካሄደው ጦርነት ጥቅምት 23 ቀን 2015 ዓ.ም. በፕሪቶሪያ ስምምነት ቆመ። የሀገራዊ ምክክር ኮሚሽን በአዋጅ ቁጥር 1265/2014 ተቋቁሞ በፕሮፌሰር መስፍን አርአያ ሰብሳቢነት አጀንዳ ሲሰበስብ ቆይቷል፤ የሥራ ዘመኑም በ2017 ዓ.ም. በአንድ ዓመት ተራዝሟል። የሽግግር ፍትሕ ፖሊሲም በሚያዝያ 2016 ዓ.ም. በሚኒስትሮች ምክር ቤት ጸድቋል። በሌላ በኩል በአማራ ክልል ከ2015 ዓ.ም. ወዲህ ያለው ግጭት ማሳን፣ ትምህርት ቤትንና ገበያን ጎድቷል። በምክክሩ ላይ ያልተገኙ፣ መሣሪያ የያዙ ወገኖች አሉ።

ከ1983 ዓ.ም. ጋር ሲነጻጸር ትልቁ ልዩነት አጀንዳው ከወረዳ ጀምሮ እንዲሰበሰብ መታሰቡ ነው። ተመሳሳይነቱ ደግሞ ከጠረጴዛው ውጭ የቀረ ወገን ነገ የሚያነሣው ጥያቄ መኖሩ ነው። ያኔ ከአፍሪካ አዳራሽ ውጭ የቀሩ ጥያቄዎች ከሰላሳ ዓመት በኋላም በአጀንዳ ወረቀት ላይ ተመልሰው መጥተዋል።

አርሶ አደርም ሆነ የከተማ ነዋሪ በምክክር መድረክ ሲገኝ ሦስት ነገሮችን ለይቶ ቢጠይቅ ይጠቅመዋል፦

- የመሬት ባለቤትነት ጉዳይ በግልጽ አጀንዳ ሆኖ ለሕዝብ ይቀርባል ወይስ እንደ ቀድሞው በተወካዮች ብቻ ይወሰናል?
- ደብተር የያዘ አርሶ አደርና የኪራይ ውል የያዘ የቀበሌ ቤት ነዋሪ ለልማት ሲነሡ ውሳኔውን አስቀድመው የሚያውቁበትና የሚከራከሩበት ሥርዓት ምን ይሆናል?
- የምክክሩ ውጤት መቼ፣ በማን እጅና በምን ሕግ ሥራ ላይ ይውላል?

ዋና ዋና ቀናት

- የካቲት 25 ቀን 1967፦ የገጠር መሬት አዋጅ
- ሐምሌ 19 ቀን 1967፦ የከተማ ቦታና ትርፍ ቤት አዋጅ
- የካቲት 26 ቀን 1982፦ የቅይጥ ኢኮኖሚ አዋጅ፣ የኮታ መቅረት
- ግንቦት 20 ቀን 1983፦ ኢሕአዴግ አዲስ አበባ ገባ
- ሰኔ 24–28 ቀን 1983፦ የሰላምና የዴሞክራሲ ጉባኤ
- ሰኔ 14 ቀን 1984፦ የክልል ምክር ቤቶች ምርጫ
- ጥቅምት 11 ቀን 1985፦ የፕሬስ አዋጅ
- ታኅሣሥ 1986፦ የከተማ ቦታ ሊዝ አዋጅ
- ኅዳር 29 ቀን 1987፦ ሕገ መንግሥቱ ጸደቀ
- ነሐሴ 15 ቀን 1987፦ ሕገ መንግሥቱ ሥራ ላይ ዋለ፣ ሽግግሩ አበቃ

የ1983ቱ ሽግግር ጦርነትን አስቁሟል፣ ጋዜጣን ከሳንሱር አውጥቷል፣ የድምፅ ካርድን ወደ ቀበሌ አድርሷል። የመሬትን ባለቤትነት ግን ደርግ ካስቀመጠበት አላነሣውም፤ ይህንንም ያጸናው ብዙ ተፎካካሪ ባልነበረበት ጉባኤ ነው። ውሳኔው ትክክል ነበር የሚሉም፣ ስሕተት ነበር የሚሉም በሀገራችን አሉ። ሁለቱም ወገኖች በአንድ ጉባኤ ተቀምጠው፣ አርሶ አደሩና ተከራዩ እየሰሙ፣ ጉዳዩን እስከ መጨረሻው የተከራከሩበት ቀን ግን ገና አልመጣም።